ያሬድ የቀየራት ፋይል

ይቅር ባይ ሰው አይደለሁም። ይህን አስቀድሜ ብነግራችሁ ይሻላል፤ ብዙ ሰው እንዲህ ዓይነት ታሪክ ሲሰማ መጨረሻው ላይ ተቃቅፈው የሚላቀሱ ሰዎች ይጠብቃልና። በእኔም ታሪክ ውስጥ የተቃቀፉ ሰዎች አሉ። እኔ ግን ከእነሱ አንዷ አልነበርሁም።

ስሜ ፀጋነሽ ነው። አባቴ ኪሮስ፣ በዋግ ዝቋላ ወረዳ፣ ከጽጽቃ ወጣ ብላ ባለች መንደር የሚኖሩ ገበሬ ናቸው። ዩኒቨርሲቲ ገብቼ የኮምፒውተር ሳይንስ ተምሬ ስጨርስ አገሬ ተመልሼ ሰቆጣ ውስጥ ሥራ አገኘሁ። የቀጠረኝ ለዋግ ገበሬዎች ምርጥ ዘርና የከብት መድኃኒት የሚያድል አንድ የእርዳታ ድርጅት ነው። ቢሮው ሰቆጣ ነበር፤ በአምደወርቅ፣ በኒሯቅና በጽጽቃም አንዳንድ ክፍል ነበረው። የእነዚህን ሁሉ ቢሮዎች ኮምፒውተር የምንጠብቀው ሁለት ሰዎች ነበርን። አንዱ ያሬድ ነው፤ አለቃዬ። ሁለተኛዋ እኔ።

ያሬድ ከሌላ ዞን ተመድቦ የመጣ፣ እጁ ፈጣን፣ አፉ ጣፋጭ ሰው ነበር። ሰው ሁሉ ይወደዋል። እኔም እወደው ነበር፤ ሥራ ያስተማረኝ እሱ ነው። በትርፍ ጊዜው የሠርግ ካርድና ባነር ይሠራል፤ ቅዳሜ ቅዳሜ ቢሮ ገብቶ በድርጅቱ ኮምፒውተር ሲነድፍ ይውላል። ማንም ክፉ አላሰበም።

ነገሩ እንዲገባችሁ ስለ አንዲት ፋይል ትንሽ ልንገራችሁ። በየኮምፒውተሮቻችን ላይ አንድ የጥበቃ ፕሮግራም ነበር። አዲስ አበባ ያለው ዋናው መሥሪያ ቤት ከሩቅ ሆኖ ያዝዘዋል። ይህ ፍላሽ አይከፈት፣ ፈቃድ የሌለው ፕሮግራም አይጫን፣ ጥበቃውን ማንም አያጥፋ የሚሉት ትእዛዞች ፖሊሲ ይባላሉ። ፖሊሲውን ተቀብላ ለጥበቃው የምታነብለት ደግሞ አንዲት ትንሽ ፋይል ናት። በሙያችን ላይብረሪ ፋይል እንላታለን፤ ብቻዋን ምንም አትሠራም፣ ሌላው ፕሮግራም እየጠራ ያሠራታል። የጥበቃው ጆሮ ናት በሉ። አንድ ሰው ያችን ጆሮ አውጥቶ በቦታዋ የላስቲክ ጆሮ ቢያደርግ፣ ዘበኛው ዩኒፎርሙን እንደለበሰ በሩ ላይ ይቆማል፤ አረንጓዴ ምልክቱም ስክሪኑ ላይ ይበራል፤ የሚሰማው ትእዛዝ ግን የለም። የፈለገ ይገባል።

የገባውም በሰኔ ነው። አንድ ሰኞ ጠዋት ቢሮ ስንደርስ አንድም ፋይል አልከፈት አለ። ቫይረሱ ሁሉንም ቆልፎታል፤ መጠባበቂያው ሳይቀር። የየወረዳው ዘር ተቀባይ ገበሬዎች ምዝገባ በሙሉ ጠፋ። ዝናቡ ጀምሯል፣ ዘሩ መጋዘን ተቀምጧል፣ ለማን እንደሚሰጥ የሚያውቅ የለም። እንደ አዲስ ይመዝገብ ተባለ። ምዝገባው ዝቋላ ሳይደርስ የዘር ወቅት አለፈ።

ከዋናው መሥሪያ ቤት የመረጃ ደህንነት ኃላፊዋ ወይዘሮ ሕይወት በስልክና በኢንተርኔት አጣራች። በሁሉም ኮምፒውተር ላይ ያች የፖሊሲ ፋይል በሌላ ተቀይራለች። የተቀየረችውም በእኔ የመግቢያ ስም ነው።

የይለፍ ቃሌን ከእኔ ሌላ የሚያውቀው አንድ ሰው ብቻ ነበር። አለቃዬ ስለሆነ፣ መስክ ስወጣ ሥራ እንዳይቆም ብሎ ተቀብሎኝ ነበር። በስብሰባው ላይ ይህን ስናገር ሁሉም ወደ ያሬድ ዞሩ።

«እኔ? የእሷን የይለፍ ቃል?» አለ ዓይኔን እያየ። «በፍጹም አላውቅም።»

ቀጥሎ ያደረገው ነገር ነው እስከ ዛሬ የሚያንገበግበኝ። ተነሥቶ ስለ እኔ ለመነ። «ልጅ ናት። አላወቀችም፤ ፊልም ለማየት ይሁን ለሌላ ብላ ነክታዋለች። ፖሊስ ድረስ አታድርሱት፣ ስለ እናታችሁ» አለ። ድምፁ ተሰባብሮ ነበር። ሥራ አስኪያጁ ትከሻውን መታ መታ አደረገው። እኔ ተባረርሁ፤ እሱ ርኅሩኅ ተባለ።

ወሬው ከእኔ ቀድሞ ጽጽቃ ገባ። «የኪሮስ ልጅ ናት ዘራችንን ያስቀረችው» ተባለ። አባቴን ማንም ፊት ለፊት አልተናገራቸውም። የሆነው ከዚያ የከፋ ነው። ሰንበቴ ላይ ጠላና ዳቦ የማቅረብ ተራቸው ሲደርስ ዝም ብለው ዘለሏቸው። ከእሳቸው በፊት ካለው ቀጥሎ፣ ከእሳቸው በኋላ ያለው አቀረበ። አባቴ ቀስ ብለው ተነሥተው ወደ ቤታቸው ሄዱ፤ ዳግመኛም ሰንበቴ አልተቀመጡም። ቅዳሴ ያስቀድሳሉ፣ ይወጣሉ፣ ይሄዳሉ። እኔ ስጠይቃቸው፣ «እግሬን አሞኝ ነው» ይሉኝ ነበር።

ሰቆጣ መነኸሪያው አጠገብ ትንሽ ሱቅ ተከራይቼ ስልክና ኮምፒውተር መጠገን ጀመርሁ። ያሬድ በመንገዱ ሲያልፍ እጁን ያነሣልኛል። እኔም አነሣለሁ። ካለፈ በኋላ እስኪሰወር ድረስ በዓይኔ እከተለዋለሁ። ሰው ይሞትልኝ ብሎ መጸለይ ኃጢአት መሆኑን አውቃለሁ፤ እንዲሞት ጸልዬም አላውቅም። እንዲኖርና እንዲታይ ግን ለምኛለሁ።

እንዲህ ሆኜ ከዓመት በላይ ቆየሁ። በአንድ ሐሙስ ጠዋት አንድ ሽበታም ሰው በነጠላ የተጠቀለለ ነገር ታቅፈው ሱቄ በር ላይ ቆሙ።

«ፀጋነሽ የሚሉሽ አንች ነሽ?»

«ነኝ አባቴ፣ ይግቡ።»

«ደርብ እባላለሁ። አምደወርቅ መምህር ነኝ። ይህን ላፕቶፕ በጨረታ ገዝቼው ልቤን አወለቀው። ጭራሽ አይበራም። ሰቆጣ ያለችው ልጅ ታስነሣዋለች ብለው ላኩኝ።»

ነጠላውን ሲፈቱት የድሮ መሥሪያ ቤቴ ምልክት ጀርባው ላይ እንደተለጠፈ አየሁ። አሮጌ ዕቃ ማስወገዳቸውን ሰምቼ ነበር። መምህሩ የአምደወርቁ ቢሮ ሠራተኞች የነገሯቸውን ነገሩኝ፤ መብረቅ የመታ ጊዜ ተቃጥሎ፣ ያ ሁሉ ጣጣ ከመምጣቱ ከብዙ ጊዜ በፊት መጋዘን የተወረወረ ነው።

ይህን ስሰማ አንድ ነገር ጆሮዬ ላይ ቀረ። ቫይረሱ በመጣ ጊዜ ይህ ላፕቶፕ ሙት ነበር ማለት ነው። ሙት ከነበረ ደግሞ ውስጡ ያለው አልተቆለፈም።

«ዲስኩን አውጥቼ ልየው። ትንሽ ይቆያሉ?»

«እንግዲያው እስከዚያ ብቅ ብዬ የይለፍ ቃሉን ከቢሯቸው ልጠይቅ» ብለው ወጡ። የይለፍ ቃሉ እንደማያስፈልገኝ ልነግራቸው ይገባኝ ነበር፤ ሐሳቤ ግን ዲስኩ ላይ ነበር።

ዲስኩን ፈትቼ ከራሴ ኮምፒውተር ጋር አገናኘሁት። ደህና ነው፤ የተቃጠለው ሌላው ክፍሉ ነው። የተጠቃሚዎቹን ማኅደር ስከፍት መጀመሪያ ያየሁት ስም የያሬድ ነበር። ለካ ላፕቶፑ ወደ አምደወርቅ ከመተላለፉ በፊት የእሱ ነበር። ውስጡ የሠርግ ካርዶች፣ የልደት ባነሮች፣ የተሰረቀ የንድፍ ፕሮግራም፤ ሁሉም እንደተቀመጠ አለ። ወደ ጥበቃው ፕሮግራም ማኅደር ገባሁና ያችን የፖሊሲ ፋይል ፈለግሁ።

አገኘኋት። እውነተኛዋ ፋይል የሠራት ኩባንያ ዲጂታል ፊርማ አላት፤ ይህችኛዋ የላትም። ባለቤቷ ያሬድ ነው። የተቀመጠችበትን ቀን ሁለት ጊዜ አነበብሁት። በዚያን ጊዜ እኔ ገና ዩኒቨርሲቲ ነበርሁ። ሰቆጣ ውስጥ እንዲህ የሚባል ድርጅት መኖሩንም አላውቅም ነበር።

አሁንም አላመንሁም። ከመባረሬ በፊት ኮምፒውተሮቹን ሳጸዳ የሐሰቷን ፋይል አንድ ቅጂ ይዤ ነበር። አውጥቼ ከዚህችኛዋ ጋር አስተያየኋቸው። አንድ ናቸው። ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ፣ አንድም ልዩነት የላቸውም።

ነገሩ ሁሉ አንድ በአንድ ተገለጠልኝ። የተሰረቀውን የንድፍ ፕሮግራም ጥበቃው አላስነሣ ስላለው፣ ከኢንተርኔት ይህችን የተበላሸች ፋይል አምጥቶ በእውነተኛዋ ቦታ ተክሏል። ዘበኛው ደነቆረለት። ኋላ ደግሞ በየቢሮው ኮምፒውተር ላይ እንደ ልቡ መሥራት ሲፈልግ በእኔ ስም እየገባ ሁሉንም አደነቆራቸው። ሌባው የገባው በዚያ ነው።

አላለቀስሁም። የሱቁን በር ዘግቼ ወለሉ ላይ ተቀመጥሁና ሣቅሁ። ጎረቤቴ ልብስ ሰፊዋ ግድግዳውን መታ መታ አድርጋ፣ «ፀጌ፣ ምን ሆንሽ?» እስክትለኝ ድረስ ሣቅሁ።

መምህር ደርብ ሲመለሱ ሁሉንም ነገርኋቸው። እስክጨርስ ሰሙኝና፣ «ዲስኩን ያዥው። ላፕቶፑ የትም አይሄድብኝም፤ ሲሆን ትጠግኝልኛለሽ» አሉ። ደጃፉ ላይ ደርሰው ደግሞ ዞር አሉ። «ቢሮ ያገኘሁት የኮምፒውተር ኃላፊ ለማን ሰጠኸው ብሎ ጠየቀኝ። ለእሷ አልሁት። ፊቱ ልክ አልነበረም።»

ያሬድ ያውቃል ማለት ነው። ወይም ጠርጥሯል።

በማግስቱ አርብ ጠዋት ሁሉንም አሰናድቼ ለወይዘሮ ሕይወት ላክሁላት፤ ሁለቱን ፋይሎች፣ የዲስኩን ቅጂ ከፊሉን፣ ምስሎቹን። የሰቆጣ ኔትወርክ እንደምታውቁት ነው፤ ሲሄድ ሲቆም ጠዋቱን ሙሉ ፈጀ። በመጨረሻ ደረሰ። ወዲያው ደወለችልኝ።

«ፀጋነሽ፣ አየሁት» አለች። ብዙ አልተናገረችም። «ዲስኩን ለማንም እንዳትሰጪ። እኔ ዛሬውኑ ለአስተዳደሩ አቀርበዋለሁ።»

ስልኩን ዘጋሁ። ነገሩ እዚህ ላይ አብቅቷል ብትሉ እውነት ነው። ፍርዱ ከእጄ ወጥቷል፤ እኔ መጠበቅ ብቻ ነው የቀረኝ። ያሬድ ከሰዓት በኋላ ወደ ሱቄ ባይመጣ ኖሮ ታሪኩ ከዚህ አያልፍም ነበር።

ፈገግ ብሎ ገባ። የደንበኛ ወንበር ስቦ ተቀመጠ።

«ሥራ እንዴት ነው ፀጌ? ሱቅሽ አምሮበታል።»

«እግዚአብሔር ይመስገን።»

«አንድ መምህር ላፕቶፕ አምጥቶልሽ ነበር አሉ። በስህተት የወጣ የድርጅቱ ንብረት ነው። ልወስደው ነው የመጣሁት።»

«የመምህሩ ነው። በጨረታ ገዝተውታል።»

«ሕጉን አታውቂም እንዴ? ዲስኩ ውስጥ የድርጅት መረጃ ካለ አንችም ትጠየቂያለሽ።» ፈገግታው አልጠፋም፤ እግሩ ግን ከጠረጴዛው ሥር ይንቀሳቀስ ነበር።

«አንድ ፋይል ብቻ ነው ያየሁት» አልሁት። «የፖሊሲዋን ፋይል። ፊርማ የላትም ያሬድ።»

መነኸሪያው ውስጥ ረዳቱ «ኮረም! ኮረም!» እያለ ይጣራል። ያሬድ እጆቹን አየ፤ በሩን አየ፤ ከዚያ ድምፁን ዝቅ አደረገ።

«ፀጌ፣ ባለቤቴ ልትወልድ ነው። ወሯ ገብቷል።»

«በሰላም ይገላግላት።»

«ሆን ብዬ አይደለም። ካርድ ለመሥራት ብዬ ነው። ይህን ያህል ይመጣል ብዬ… ሲመጣ ደግሞ ደነገጥሁ። አንች ልጅ ነሽ፣ ሌላ ሥራ ታገኛለሽ ብዬ ነው።» ዓይኖቹ እንባ ሞሉ። ያ በስብሰባው ላይ የሰማሁት የተሰባበረ ድምፅ እንደገና መጣ። «ምን ላድርግልሽ? የፈለግሽውን ንገሪኝ።»

እውነቱን ልንገራችሁ። እስከዚያች ደቂቃ ድረስ ከእሱ የምፈልገው ነገር አልነበረም። እንዳልልክ ነው የሚለምነኝ፤ እኔ ደግሞ ልኬ ጨርሻለሁ። ይህን እንደማያውቅ ሳስተውል የምጠይቀው ነገር ታወቀኝ።

«እሑድ ጽጽቃ ና» አልሁት።

«ጽጽቃ?»

«የአባቴ ደብር። ከቅዳሴ በኋላ ሰዉ ሰንበቴ ይቀመጣል። እዚያ ቆመህ በአፍህ ትናገራለህ። ፋይሉን ማን እንደቀየረ፣ በማን ስም እንደቀየረ፣ ዘራቸው ለምን እንደቀረ።»

«ከዚያ በኋላ ይህ ነገር እዚሁ ይቀራል?»

«መጀመሪያ ና» አልሁት።

ይቀራል አላልሁትም። አይቀርምም አላልሁትም። ቃሌን ሰጥቼ እንዳጠፍሁ የሚያወሩ አሉ፤ የሰጠሁት ቃል የለም። እሱ የሰማው የራሱን ተስፋ ነው።

ቅዳሜ ወደ ጽጽቃ ሄድሁ። ለአባቴ ነገ እንግዳ እንዳለብን፣ ከቅዳሴ በኋላ ወደ ቤት እንዳይሮጡ ብቻ ነገርኋቸው። «እግሬን…» ብለው ጀመሩ። «ነገ አያምዎትም» አልኋቸው።

ያሬድ የመጣው ቅዳሴው ሊያልቅ ሲል ነው። ከጽጽቃ ከተማ በእግሩ ወጥቷል፤ ነጭ ጫማው አፈር ለብሷል። ሰዉ ከዛፎቹ ሥር ተቀምጦ ዳቦው ሲባረክ ወደ ቄሰ ገበዙ ሄጄ፣ «አባታችን፣ ይህ ሰው ለማኅበሩ የሚናገረው አለ» አልኋቸው። ቄሰ ገበዙ ከላይ እስከ ታች አዩት።

«ተናገር ልጄ። ብዙው ሰው አማርኛ ይሰማል፤ ለአሮጊቶቹ እኔ በቋንቋችን በኽምጣና እመልሰዋለሁ።»

ያሬድ ጉሮሮውን ጠረገ። «ባለፈው በዘሩ ምዝገባ ላይ አንድ የቴክኒክ ስህተት ተፈጥሮ ነበር…»

«ማን ፈጠረው?» አልሁ ከተቀመጥሁበት።

ቄሰ ገበዙ ለመተርጎም አፋቸውን ከፍተው ቆሙ።

«እኔ» አለ ያሬድ።

«በማን ስም?»

«በእሷ ስም። በፀጋነሽ።» ከዚያ በኋላ ቃላቱ ተከታትለው ወጡ። «ኮምፒውተሩን የሚጠብቀውን ነገር ለራሴ የካርድ ሥራ ብዬ ያበላሸሁት እኔ ነኝ። በእሱ ቀዳዳ ሌባ ገብቶ የስማችሁን ዝርዝር አጠፋው። ሲጠይቁኝ እሷ ናት አልሁ። እሷ ምንም አላደረገችም።»

ቄሰ ገበዙ በኽምጣና ሲመልሱት አንገታቸውን ደፍተው የነበሩት አሮጊቶች ቀና አሉ። ቃሉ ከአንዱ ረድፍ ወደ ሌላው ሲሄድ በዓይኔ አየሁት። እማማ ለተብርሃን የሚባሉ ባል የሞተባቸው ሴት ዱላቸውን ተመርኩዘው ተነሡ። አማርኛቸው የተሰባበረ ነው፤ ግን ቀስ ብለው፣ እያንዳንዱን ቃል እየፈለጉ ተናገሩ።

«የእኔ መሬት ጦም አደረ። ልጄን ለሰው ቤት ሥራ ሰጠሁ። አንተ ካርድ ሠራህ። የምን ካርድ ነው?»

«የሠርግ» አለ ያሬድ፤ ድምፁ አልወጣም።

«የምን?»

«የሠርግ እማማ።»

አንድም ሰው አልሣቀም። ፊቱ ቀልቶ፣ ጆሮው ቀልቶ፣ በዚያ ሁሉ ሰው መካከል ብቻውን ቆሟል። የለመንሁት ይህን ነበር። እንዲኖርና እንዲታይ። ዓይኔን ሳልነቅል አየሁት፤ እንዲህ ጠግቤ ያየሁት ነገር በሕይወቴ የለም።

ከዚያ አባቴ ተነሡ።

ይመቱታል ብዬ አሰብሁ። በልቤ እንዲመቱትም ፈለግሁ። በሰዉ መካከል አልፈው ሄዱና ትከሻውን ይዘው ወደ ራሳቸው ሳቡት። ያሬድ አንገታቸው ሥር ገብቶ እንደ ሕፃን አለቀሰ። አባቴም አለቀሱ።

«በቃ ልጄ። ተናገርህ። በቃ፣ እግዚአብሔር ይፍታህ» አሉት። እጁን ይዘው ከአጠገባቸው አስቀመጡት፤ ከራሳቸው ዳቦ ቆርሰው ሰጡት። ቄሰ ገበዙ ወደ አባቴ ጠጋ ብለው አንድ ነገር በኽምጣና ተናገሩ፤ የሚቀጥለው ተራ የእርስዎ ነው ማለታቸው ነበር። አባቴ ራሳቸውን ብቻ ነቀነቁ። ከዚያ እኔን በእጃቸው ጠሩኝ።

«ነይ። አንችም ይቅር በይው።»

ሰዉ ሁሉ አየኝ። ሄጄ ያሬድን ጨበጥሁት። ይቅር ብየሃለሁ ግን አላልሁም። አባቴ ይህን ልብ ማለታቸውን ፊታቸው ላይ አየሁ።

ከሰዓት በኋላ ከጽጽቃ ወደ ሰቆጣ በሚመለስ ሚኒባስ አብረን ተሳፈርን። ሌላ መኪና ስላልነበረ ነው። እሱ ከፊቴ ባለው ወንበር ተቀመጠ። ቀሎት ነበር፤ ከሾፌሩ ጋር ይጫወታል፣ አባቴ ደግ ሰው መሆናቸውን ይናገራል። በቆላው በኩል ኔትወርክ የለም። መኪናው ሽቅብ ወጥቶ አንድ ከፍታ ላይ ሲደርስ የሁላችንም ስልክ በአንድ ጊዜ ጮኸ።

ያሬድ ስልኩን አውጥቶ ማንበብ ጀመረ። ከኋላው ሆኜ አንገቱን ነው የማየው። መጀመሪያ ቀጥ አለ። ከዚያ ስልኩን ወደ ጭኑ አወረደው። እንደገና አንሥቶ አነበበ። ብዙ ቆይቶ ወደ እኔ ዞረ።

«ከሥራ ታግጃለሁ» አለ። «የዲስኩ ቅጂ እጃቸው ገብቷል ይላል።»

«አዎ።»

«መቼ ነው የላክሽው?»

«አርብ ጠዋት። አንተ ሱቄ ከመምጣትህ በፊት።»

የተናደደ አይመስልም፤ ያልገባው ሰው ይመስላል። «ልከሽ ከነበረ… ታዲያ እዚያ ድረስ ለምን አስመጣሽኝ?»

«አዲስ አበባ ቢያባርሩህ» አልሁት፣ «ጽጽቃ ማን ይሰማል?»

ወደ ፊቱ ዞረ። ሰቆጣ መነኸሪያው ስንደርስ ከሁሉም ቀድሞ ወርዶ ሄደ። እኔ ሱቄን ከፍቼ ገባሁ፤ ገና ፀሐይ ነበረች። የመምህር ደርብን ላፕቶፕ ከጠረጴዛው ላይ አንሥቼ መጠገን ጀመርሁ።

ያሬድ ተባረረ። የእኔ ጥፋት እንዳልነበረ ለሁሉም ቢሮ ተነገረ፤ ወይዘሮ ሕይወትም ራሷ ደውላ ይቅርታ ጠየቀችኝ። ወደ ሥራ ተመለሽ ሲሉኝ በእሱ ቦታ ከሆነ እመለሳለሁ አልሁ። ሰጡኝ። ዛሬ የእሱ የነበረው ወንበር ላይ ነው የምቀመጠው፤ በየወሩ ሁሉም ኮምፒውተር ላይ ያችን ፋይል በዓይኔ ሳላይ አላድርም።

አባቴ ነገሩን ሲሰሙ ግን ከእኔ ጋር ተጣሉ። ሰቆጣ ድረስ መጥተው ወንበር ላይ ሳይቀመጡ ቆመው ተናገሩኝ።

«እኔ አቅፌው፣ ዳቦ አብልቼው፣ አንች ከኋላዬ አርደሽው ነበር?»

«ከኋላዎ አይደለም አባ፤ ቀድሜዎት ነው ያረድሁት። አርብ ነው።»

«የወለደች ሴት ይዞ ከተማውን ለቆ ሄደ አሉ።»

«እኔም ከሥራ ተባርሬ ነበር። የት እንደምበላ የጠየቀኝ አልነበረም።»

«እኔ ይቅር ብየዋለሁ!»

«እርስዎ ብለውታል። እኔ አላልሁም።»

እስከ ዐቢይ ጾም ፍቺ ድረስ አልተነጋገርንም። ኋላ እናቴ መሐል ገብታ አስታረቀችን። ስለዚያ እሑድ ግን ዳግመኛ አላነሣንም።

እናንተ ይህን የምታነቡ ሰዎች፣ መካሪ አይደለሁም። ቂም ባለቤቱን ይበላዋል የሚሉኝ አሉ። እኔን የበላኝ ሐሰቱ ነበር፤ ቂሙ ግን ያን ሁሉ ጊዜ ቀጥ አድርጎ አቁሞኛል። ከዚያ እሑድ በኋላ በመንገድ ስሄድ አንገቴን አልደፋም፤ እንቅልፌም ተመልሷል። ምናልባት አባቴ ከእኔ የተሻሉ ሰው ናቸው። ናቸው። እሳቸው እንዲያቅፉት ግን መጀመሪያ አንድ ሰው እዚያ ድረስ ሊያመጣው ይገባ ነበር፤ ያንን ያደረገው ደግነት አይደለም።

አባቴ ዛሬም ዓመት በዓል ሲደርስ፣ እኔ ልሰናበታቸው ስል፣ ቀስ ብለው ይጠይቁኛል።

«ያ ልጅ ደህና ነው?»

«ደህና ነው አባ» እላቸዋለሁ።

የት እንዳለ አላውቅም። ጠይቄም አላውቅ።